በመንገዱ ዋዜማ

ሚጌል ዴሊቤስ የተባለው የእስፓኝ ደራሲ በ1950 ዓ.ም. እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ያሳተመውን «መንገዱ» የተሰኘ ልብ ወለድ በእንግሊዝኛ ትርጕሙ ማንበብ በጀመርሁ ጊዜ፥ ከመጀመሪያው ምዕራፍ ሳላልፍ መጽሐፉን ዘግቼ ብዙ ሰዓት ተቀመጥሁ። ዳንኤል የሚባል የ11 ዓመት ልጅ በነጋታው ከመንደሩ ወጥቶ በከተማ ትምህርት እንዲገባ አባቱ ቈርጦበታል። ልጁም እንቅልፍ እንቢ ብሎት ያለፈ ሕይወቱን በጨለማው ውስጥ አንድ በአንድ ያስታውሳል። መጽሐፉ ከዳር እስከ ዳር የዚያች የአንዲት ሌሊት ትዝታ ነው።

እኔም በ13 ዓመቴ እንደዚህ ያለች ሌሊት አሳልፌአለሁ። አባቴ ለትምህርቴ ብለው ከሁለቱ በሬዎቻቸው አንዱን ሸጠው ነበርና፥ ከዚያ ወዲያ ከጎረቤት በሬ ጋር በመቀናጆ ያርሱ ጀመር።

የዳንኤል አባት አይብ እያዘጋጀ የሚሸጥ ሰው ነው፤ ልጁ ከእርሱ የተሻለ ሰው እንዲሆን ሲል ከአፉ እየነጠቀ ገንዘብ አጠራቅሟል። ልጁ ግን «የተሻለ» የሚሉት ነገር ምን እንደ ሆነ ሊገባው አልቻለም። የመንደሩ ካህን ዶን ኾሴ፥ እግዚአብሔር ለእያንዳንዱ ሰው የራሱን መንገድ እንደ ሰጠው፥ ሰውም በምኞቱ ተስቦ ከመንገዱ ሊወጣ እንደሚችል ሲሰብኩ ሰምቷል፤ የእርሱም መንገድ ከዚያ ሸለቆ የማይወጣ ይመስለዋል። ወፎችን አብልጦ የሚያውቀው ባልንጀራው ኼርማን ወድቆ በሞተ ጊዜ፥ ዳንኤል አንዲት የሞተች ወፍ በስውር ከሬሳ ሣጥኑ ውስጥ አኑሮለት ነበር። እንዲህ ያለውን ነገር ትቶ መሄድ ለልጅ ቀላል አይደለም።

ዴሊቤስ በ1920 በቫሊያዶሊድ ከተማ ተወልዶ በ2010 በዚያችው ከተማ ዐረፈ። አያቱ ለባቡር ሐዲድ ሥራ መጥቶ በእስፓኝ የቀረ ፈረንሳዊ ነበር። ደራሲው «ኤል ኖርቴ ዴ ካስቲያ» በተባለው የአገሩ ጋዜጣ በ1941 ሥዕል እየሣለ ጀምሮ በ1958 ዋና አዘጋጅ ሆነ። ስለ ካስቲያ ገበሬ ችግር በጋዜጣው መጻፍን ሳንሱር ባገደበት ጊዜ ግን፥ ያንኑ ነገር በልብ ወለድ ጻፈው። ይኸውም በ1962 የወጣው «አይጦቹ» ነው፤ በ1963ም አዘጋጅነቱን ለቀቀ።

በዚህ መጽሐፍ ኒኒ የሚባል ልጅ የውሃ አይጥ እያደነ ከሚኖር አሳዳጊው ጋር በዋሻ ይኖራል። የመንደሩ ሰው ጊዜን የሚቈጥረው በወርና በቀን ሳይሆን በቅዱሳን በዓላት ነው። በእኛም ቤት «ከሚካኤል ወዲህ»፥ «ለጊዮርጊስ» እየተባለ ነበርና፥ ይህን ሳነብ በሰው አገር ታሪክ ውስጥ መሆኔን ረሳሁት። አንዲት ባለጠጋ ሴት ኒኒን ላስተምረው ብትል ልጁ አሻፈረኝ ይላል። መጨረሻው ግን ደስታ አይደለም፤ የደረሰውን ስንዴ በረዶ ይመታዋል።

ደራሲውን የሥልጣኔ ጠላት ነው ያሉት ነበሩ። እርሱም በ1975 በእስፓኝ አካዳሚ ባደረገው የመግቢያ ንግግር፥ ፍጥረትን የሚያጠፋና ገጠርን ባዶ የሚያስቀር ነገር ዕድገት ሊባል አይገባም ሲል ሞገተ። እኔ እዚህ ላይ ጥቂት ቅር ይለኛል። ንግግሩን ያደረገው ራሱ የተማረና መምህር የነበረ የከተማ ሰው ነውና፥ ኒኒን በዋሻው ማድነቅ ከሩቅ ሆኖ ይቀላል።

ነገር ግን ያው ሰው በ1981 ሌላ መጽሐፍ አወጣ። ስሙ ሄሮድስ ያስፈጃቸውን ሕፃናት የሚያስታውስ ሲሆን፥ «ንጹሓን ቅዱሳን» ልንለው እንችላለን። ፓኮና ሚስቱ ሬጉላ በአንዲት መኳንንት ሴት ርስት ላይ የሚያገለግሉ ጭሰኞች ናቸው። ፓኮ ያደን ዱካ እንደ ውሻ በማሽተት ስለሚያውቅ፥ የእመቤቲቱ ልጅ ኢቫን እግሩ ከተሰበረ በኋላ እንኳ ለአደን ይዞት ይወጣል፤ እግሩም ዳግመኛ ይሰበራል። ባልና ሚስቱ ተስፋ ያደረጉት ልጃቸው ኒዬቬስ ትማራለች ብለው ነበር፤ የርስቱ አስተዳዳሪ ግን ለቤቱ ገረድነት ወሰዳት። እናትና አባት እሺ ከማለት በቀር የሚመልሱት ቃል አልነበራቸውም።

ለትምህርት በመሄዱ የሚያለቅሰውን ልጅ የጻፈው ብዕር፥ ትምህርት የተነፈገችውንም ልጅ ጻፈ። ሁለቱን መጻሕፍት ጎን ለጎን ካስቀመጥኋቸው ወዲህ አባቴን በምን ዐይን ማየት እንዳለብኝ ብዙ አሰብሁ። ገና በሕይወት ሳሉ አንድ ቀን ልጠይቃቸው ሄጄ፥ በሬውን በመሸጣቸው ተጸጽተው ያውቁ እንደ ሆነ ጠየቅኋቸው።

«ቦራን ነው የምትለኝ?» አሉና ጋቢያቸውን ወደ ትከሻቸው ሳብ አደረጉ። ከዚያም ቦራ በጭቃ ላይ እንዴት ቀጥ ብሎ ይስብ እንደ ነበር፥ ከወንዝ ሲመለስም ሳይነዱት በረቱን እንዴት ያውቅ እንደ ነበር እስኪመሽ ድረስ አወሩኝ። ስለ ትምህርቴ ግን አንዳች አልተናገሩም።