ሊትመስ የሚባለው ወረቀትና የቤታችን ጠርሙሶች

ሁለተኛ ደረጃ የደረሰ ልጅ ካላችሁ የኬሚስትሪ ደብተሩን ገልጣችሁ እዩ። አንድ ዐረፍተ ነገር ሳታገኙ አትቀሩም፤ «አሲድ ሰማያዊ ሊትመስን ወደ ቀይ ይለውጣል፤ ቤዝ ቀይ ሊትመስን ወደ ሰማያዊ ይለውጣል» የሚል። እኛም በጊዜያችን ሸምድደነዋል፣ ፈተና ላይ ጽፈን ማርክ አግኝተንበታል። ሊትመስ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ግን የነገረን መምህር አልነበረም፤ እጁን አንሥቶ የጠየቀም ተማሪ አልነበረም። ዛሬም የአንድ ፈረንጅ ሊቅ ስም የሚመስለው ተማሪ ብዙ ነው።

ስሙ የሊቅ ሳይሆን የጨርቅ ነካሪዎች ነው። በጥንት ዘመን በኖርዌይና በአይስላንድ ይነገር በነበረው ቋንቋ «ሊትር» ማለት ቀለም፣ «ሞሲ» ማለት ደግሞ በድንጋይና በዛፍ ግንድ ላይ ተለጥፎ የሚያድግ ሣር መሳይ ነገር ነው። ሁለቱ ተጣምረው «ሊትሞሲ» ሆኑ። እንግሊዞች ይህንኑ ወርሰው ሊትመስ አሉት፤ ሆላንዶችና ጀርመኖች ላክሙስ ይሉታል። ፈረንሳዮች ግን ከሁሉም ተለይተው «ቱርንሶል» ብለው ይጠሩታል፤ ወደ ፀሐይ የሚዞር ማለት ነው፤ እኛ ዘይት የምንጨምቅለትን የሱፍ አበባ የሚጠሩበትም ይኸው ስም ነው። ስሙ አስቀድሞ የሌላ የቀለም ተክል ነበር፤ በኋላ ለዚህኛው ቀለምም ዋለ። ስለዚህ በፈረንሳይኛ የተማረ ዘመድ «የሱፍ አበባ ወረቀት» ቢላችሁ አትሳቁበት።

«ሞሲ» ተብሎ ይጠራ እንጂ ነገሩ በእውነት ሣርም ተክልም አይደለም። ሳይንቲስቶች ላይክን ይሉታል። ደጋ አገር የሄደ ሰው ሁሉ አይቶታል፤ በቋጥኝ ላይ ግራጫ ወይም ነጣ ያለ ሆኖ ይለጠፋል፣ ከዛፍ ቅርንጫፍም እንደ ሽማግሌ ጢም ይንጠለጠላል። የድንጋይ ሽበት ብንለው ያምርበታል። በውስጡ ሁለት ፍጥረታት በአንድ ጎጆ ይኖራሉ፤ አንዱ ፈንገስ ነው፣ ሌላው አልጌ። ፈንገሱ ቤቱን ይሠራል፣ እርጥበቱንም ይይዛል፤ አልጌው ከፀሐይ ብርሃን ምግብ ያዘጋጃል። (በዚህም ቤት ቢሆን ምግብ የማዘጋጀቱ ሥራ ለአንደኛው ወገን ብቻ መተዉን እኅቶች ሳታስተውሉት አትቀሩም።) ዕድገቱ እጅግ ዝግተኛ ነው፤ ብዙዎቹ ዓይነቶች በዓመት የሚያድጉት በሚሊሜትር የሚቆጠር ነው።

ለሊትመስ በይበልጥ የሚፈለገው ሮቸላ የሚባለው ወገን ሲሆን፣ በካናሪ፣ በማዴይራና በኬፕ ቨርድ ደሴቶች ባሕር ዳር ባሉ ገደሎች ላይ ይበቅላል። በሰሜን አውሮፓ ደግሞ ሌላ ዓይነት አለ። የሚያስደንቀው ነገር ይህ ሽበት ተለቅሞ ሲመጣ ሰማያዊም ቀይም አለመሆኑ ነው። ግራጫ ነው። ቀለሙ የሚወጣው በሰው እጅ ነው።

አሠራሩን ስሙት፤ ጠላ የጠመቀችና እንጀራ የጋገረች ሴት ይገባታል። ሽበቱ ይደርቅና ይፈጫል። ከዚያ በከረመ ሽንት ይለወሳል። አዎን፣ በሽንት! በዚያ ዘመን አሞኒያ የሚባለው ቅመም የሚገኘው ከእያንዳንዱ ቤት ተጠራቅሞ ከሚመጣ ሽንት ነበር። በላዩ ላይ ኖራና ከእንጨት አመድ የታጠበ ጨው ይጨመርበታል። አየር እንዲያገኝ በየጊዜው እየተማሰለ ለሳምንታት እንዲብላላ ይተዋል። ቀስ በቀስ ይቀላል፣ ቀጥሎ ወይን ጠጅ ይሆናል፣ በመጨረሻም ወደ ሰማያዊ ይደርሳል። ያን ጊዜ ከጄሶ ወይም ከኖራ ድንጋይ ዱቄት ጋር ተለውሶ በትንንሽ አራት ማዕዘን ቅርጽ ይቆራረጥና ይደርቃል። በዚህ ሥራ ለረጅም ጊዜ ስማቸው የታወቀው ሆላንዶች ናቸው። ወረቀቱ የሚሠራው ይህ ቀለም በውሃ ሟሙቶ ሲነከርበት ነው። ቀዩም ሰማያዊውም ወረቀት ከአንድ ቀለም ነው፤ ልዩነቱ በቀዩ ላይ ጥቂት አሲድ መጨመሩ ብቻ ነው።

ስለ አሞኒያ ካነሣሁ አይቀር፣ ሕፃን ያላችሁ እናቶች ሽታውን ታውቁታላችሁ። ሌሊቱን ሙሉ ያደረ የሽንት ጨርቅ ጠዋት ሲፈታ አፍንጫ የሚሰነፍጠው እሱ ነው። እርጥብ ቀይ ሊትመስ በዚያ ጨርቅ ላይ ቢያዝ ወደ ሰማያዊ ያዘነብላል። የሕፃኑ ገላ በተፈጥሮው ወደ ኮምጣጣው ወገን የሚያደላ ስለሆነ በዚህ ዓይነት እርጥበት ውስጥ ሲቆይ ይላጣል፣ ይቀላል። ቶሎ ቶሎ መለወጡን የሚተካ ዱቄትም ቅባትም የለም።

ወደ ሽበቱ ልመለስ። ከዚሁ ሽበት የሚወጣው ወይን ጠጅ ቀለም በአውሮፓ ከሊትመስ በፊት ብዙ ገንዘብ ያመጣ ነበር። እውነተኛው ሐምራዊ ከባሕር ቀንድ አውጣ የሚወጣና ንጉሥ ብቻ የሚለብሰው ስለነበር፣ የሽበቱ ቀለም የድኻ ሐምራዊ ነበር። በጣሊያን ከተማ በፍሎረንስ አንድ ቤተሰብ በዚህ ቀለም ንግድ በመክበሩ ሩቸላይ የሚለውን የቤት ስም ከቀለሙ ስም አገኘ። እ.ኤ.አ. በ1402 የኖርማንዲው ባላባት ዣን ደ ቤታንኩር የካናሪ ደሴቶችን ለመያዝ ሲዘምት ከተመኛቸው ሀብቶች አንዱ ይኸው የገደል ሽበት ነበር። በስኮትላንድ ደግሞ ከዝበርት ጎርደን የተባለ ሰው እ.ኤ.አ. በ1758 ከላይክን ለሚሠራ ቀለም የባለቤትነት መብት አወጣና ቀለሙ ከስሙ ተወስዶ «ከድቤር» ተባለ። ከእርሱ በፊት ግን የዚያ አገር ደጋ ሴቶች ሽበቱን ከድንጋይ ላይ እየፋቁ፣ በቤታቸው ሽንት እያብላሉ ሱፋቸውን ይነክሩ ነበር። ለቃሚዎቹም ስም የላቸውም። በካናሪ ደሴቶች በገመድ ታስረው ወደ ገደል ይወርዱ ነበር፤ ገመዱ ተበጥሶ የቀረውም ብዙ ነው። እኔ «የቀለም ሞሲ» የሚለውን ስም የምወደው ለዚህ ነው፤ ከባለቤትነት መብት ይልቅ ከሥራው የመጣ ስም ነውና።

እ.ኤ.አ. በ1856 ዊልያም ፐርኪን የተባለ ወጣት እንግሊዛዊ ሰው ሠራሽ ወይን ጠጅ ቀለም ሲያገኝ የሽበቱ ገበያ ውሎ አድሮ ተዳከመ። ወረቀቱ ግን ቀረ። የቀረበትም ምክንያት ነካሪዎቹ ከጥንት የሚያውቁት ጠባዩ ነው፤ ኮምጣጤ ሲነካው ይቀላል፣ አመድ ውሃ ሲነካው ይመለሳል። ሮበርት ቦይል እ.ኤ.አ. በ1664 ስለ ቀለማት ባሳተመው መጽሐፍ ከአበባና ከዕፅ የሚወጡ ቀለሞች አሲድን ከተቃራኒው ለመለየት እንደሚያገለግሉ አስረዳ። ከዚያ ወዲህ አንድ ፈሳሽ ኮምጣጣ መሆኑን ለማወቅ ምላስን አደጋ ላይ መጣል አላስፈለገም። ዛሬ ፒ ኤች የሚባለውን መለኪያ ያወጣው ደግሞ ዴንማርካዊው ሶረን ሶረንሰን ነው፤ ዘመኑ እ.ኤ.አ. 1909፣ ቦታው የካርልስበርግ ቢራ ፋብሪካ ቤተ ሙከራ ነበር። በሥራው ባለቤቱ ማርግሬተ አብራው ነበረች፤ በመማሪያ መጻሕፍት ግን ስሟን እምብዛም አናገኘውም። በዚህ መለኪያ 7 መካከለኛ ነው፤ ከዚያ በታች አሲድ፣ ከዚያ በላይ ቤዝ ነው። ሊትመስ ከ4.5 በታች ቁልጭ ያለ ቀይ፣ ከ8.3 በላይ ቁልጭ ያለ ሰማያዊ ይሆናል፤ በመካከል ወይን ጠጅ እየመሰለ ያመነታል።

አንድ እሑድ ከልጄ ጋር ይህን ወረቀት በወጥ ቤታችን ሞከርነው። ሎሚ፣ ኮምጣጤ፣ እርሾና እርጎ ሰማያዊውን አቀሉት። ሳሙና፣ አመድ ውሃ፣ ቢካርቦኔትና የዕንቁላል ነጩ ቀዩን ሰማያዊ አደረጉት። የስኳር ውሃና የጨው ውሃ ምንም አላደረጉም። በረኪና ላይ ስንደርስ ግን ነገሩ ተለየ፤ ቀዩ ወረቀት ለአፍታ ሰማያዊ ሆነና ዓይናችን እያየ ነጣ። ልጄ «ወረቀቱን በላው» አለች። ትክክል ነበረች።

እዚህ ላይ ነው ለእናንተ ለእናቶች ማለት የፈለግሁት። አሲድ የሚለው ቃል በእኛ አገር፣ በተለይ በሴቶች ጆሮ፣ የሚያስፈራ ቃል ነው፤ ፊታቸው የተቃጠለ እኅቶቻችንን የምናስታውስ ለምን እንደሚያስፈራ ማስረዳት አያሻንም። ስለዚህ አሲድ የሚል ጽሑፍ ያለበትን ጠርሙስ ቆልፈን እናስቀምጣለን። በሰማያዊው ወገን ያለውን ግን እንደ ሳሙና እንቆጥረዋለን። ለሳሙና መሥሪያና ለተዘጋ ቱቦ መክፈቻ የሚሸጠው ኮስቲክ ሶዳ ቤዝ ነው፤ ሥጋን ግን አንዳንዴ ከአሲድ ይበልጥ በጥልቀት ይበላል። ሲነካ መጀመሪያ የሚያንሸራትት እንጂ የሚያም ስለማይመስል፣ ሰው ሳይታጠበው ይቆያል። ወረቀቱ ደግሞ ወገኑን ይናገራል እንጂ ኃይሉን አይናገርም። ሎሚም የመኪና ባትሪ ውሃም ያቀሉታል፤ ቢካርቦኔትም ኮስቲክ ሶዳም ሰማያዊ ያደርጉታል።

እኔ በምኖርበት ሰፈር በረኪና በውሃ ፕላስቲክና በለስላሳ ጠርሙስ ተቀድቶ ሲሸጥ በየቀኑ አያለሁ። የሁለት ዓመት ሕፃን ጽሑፍ አያነብም፤ ጠርሙሱን ያውቃል፣ ያነሣል፣ ይጠጣል። ከገዛችሁም እንዲህ ባለ ዕቃ አታስቀምጡት። በረኪናን ከኮምጣጤ፣ ከሎሚ ወይም ከሽንት ቤት ማጽጃ አሲድ ጋር አታደባልቁ፤ የበለጠ ያጸዳል ተብሎ የሚደረገው ይህ ነገር ክሎሪን የሚባል የሚያንቅ መርዘኛ ጋዝ ያወጣል። ዓይን ውስጥ ከገባ፣ ቀይ ወገን ይሁን ሰማያዊ ሳትጠይቁ፣ በሚፈስ ንጹሕ ውሃ ቢያንስ ለ20 ደቂቃ አጥባችሁ ወደ ሐኪም ቤት ሂዱ። «ቤዝ ከሆነ በሎሚ ይከሽፋል» የሚል የደብተር ዕውቀት በሰው ገላ ላይ አይሠራም፤ ቁስሉን ያብሳል። ልጅ ከጠጣ አታስመልሱት፤ የበላው ጉሮሮ ሲመለስ ሁለተኛ ይበላልና። አፉን አጉመጥምጣችሁ፣ ጠርሙሱን ይዛችሁ ሩጡ።

በዕለተ ወሊድም ይህ የቀለም ነገር ይመጣል። የሴት ብልት ውስጠኛው ክፍል በተፈጥሮው ኮምጣጣ ነው፤ የሽርት ውሃ ግን ወደ ቤዝ ያደላል። ስለዚህ አንዲት ነፍሰ ጡር ያለ ጊዜዋ ውሃ ፈሰሰኝ ስትል አዋላጆች በጠቋሚ ወረቀት ሰማያዊ መሆኑን የሚያዩበት ዘዴ አለ። ደምም ሆነ ሕመም ወረቀቱን ሊያሳስት ስለሚችል ግን ይህ የጤና ባለሙያ ሥራ ነው፤ ውሃ የፈሰሳት ሴት ምጥ ባይጀምራትም ዕለቱን ወደ ጤና ጣቢያ መሄድ አለባት።

ሊትመስ ያጣ ቤት ቀይ ጥቅል ጎመን አያጣም። ሩብ ያህሉን ክተፉና ትኩስ ውሃ አፍስሱበት፤ ከ15 ደቂቃ በኋላ ወይን ጠጅ ውሃውን አጥልሉ። ሎሚ ጠብ ስታደርጉበት እንደ ጽጌረዳ ይቀላል፣ አመድ ውሃ ስትጨምሩበት አረንጓዴ ይሆናል። በትነው ከሚሸጡት ከከርከዴም ተመሳሳይ ነገር ማየት ይቻላል። በረኪናውንና ኮስቲኩን ከዚህ ጨዋታ አርቁ። ውሃው ከጥቂት ቀን በኋላ መሽተት ይጀምራል፤ ስለዚህ ልጆቹ ነጭ ወረቀት ነክረው፣ በጥላ አድርቀው፣ በቀጭኑ እየቆረጡ ቢያስቀምጡት ይሻላል። የእኔዋ ልጅ ወረቀቶቹን ባዶ የሻይ ቆርቆሮ ውስጥ ከትታ በላዩ ላይ «ቀለመ ጎመን» ብላ ጽፋበታለች።