ጀጎልን በእግራችን ስንዞር

ሐረር ከአዲስ አበባ በስተምሥራቅ 525 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኝ አሮጌ ከተማ ናት። አሮጌው ክፍሏ በድንጋይ ግንብ የታጠረ ነው። ግንቡም፣ በግንቡ ውስጥ ያለው ከተማም ጀጎል ይባላል። የሐረሪ ሰዎች ግን በቋንቋቸው «ጌይ» ይሏታል። ጌይ ማለት ከተማ ማለት ነው። ሌላ ስም አላስፈለጋቸውም። ለነሱ ከተማ ማለት እሷው ናት።

ግንቡን ያሠሩት በ16ኛው መቶ ዘመን ሐረርን ይገዙ የነበሩት አሚር ኑር ናቸው። ዙሪያው 3 ኪሎ ሜትር ተኩል ገደማ ነው። በውስጡ ያለው መሬት 48 ሄክታር ይሆናል። ድሮ አንድ ጋሻ መሬት የሚባለው 40 ሄክታር ያህል ነበር። እንግዲህ ጀጎል ከአንድ ጋሻ ብዙም አይበልጥም ማለት ነው። በዚህች ቦታ ላይ 82 መስጊዶች አሉ። ሰው ለጸሎት የሚሄድባቸው 102 የአውልያ ቦታዎችም አሉ። ዩኔስኮ የሚባለው የዓለም መንግሥታት የትምህርትና የባህል ድርጅት በ1998 ዓ.ም. ጀጎልን የዓለም ቅርስ ብሎ መዝግቦታል።

ጀጎል የሚጎበኘው በእግር ነው። ዋና ዋናዎቹ መንገዶች መኪና ያሳልፋሉ። የቀሩት ግን ጠባብ ናቸው። በአንዳንዱ መንገድ የተጫነች አህያ ከመጣች ሰው ግድግዳ ተጠግቶ መቆም አለበት። እንዲህ ያሉት መንገዶች 368 ናቸው ይላሉ አስጎብኚዎች። እኛ አልቆጠርንም። እንግዳ ሰው ብቻውን ከገባ ግን ዞሮ ዞሮ እዚያው ይመለሳል። ስለዚህ አስጎብኚ ያዝን። መጀመሪያ መታወቂያውን አየን። ዋጋውንም ከመነሳታችን በፊት ተነጋገርን። እናንተም ስትሄዱ እንዲሁ አድርጉ፤ ኋላ ከመጨቃጨቅ ያድናል።

አስጎብኚያችን በጀጎል ተወልዶ ያደገ ጎልማሳ ነው። ገና ሳንነሳ አንድ ነገር አስጠነቀቀን። «አቦ፣ ዋጋ መከራከር ከፈለጋችሁ ከኔ ጋር ተከራከሩ። ገበያ ውስጥ ከተቀመጡት እናቶች ጋር ግን አትከራከሩ። እነሱ ሌሊት ተነስተው ነው የመጡት» አለን።

ጠዋት የቀመስነው ፈጢራ ነው። ስስ የስንዴ ሊጥ ይዘረጋል። እንቁላል ይጨመርበታል። ተጣጥፎ በትኩስ ዘይት ይጠበሳል። ከዚያ ማር ያፈሱበታል። ቁርስ ነው ይባላል እንጂ እስከ ምሳ ያቆያል። ከፈጢራው ጋር ሻይ ጠጣን፤ ቅርንፉድ የገባበት፣ ስኳሩ የበዛ። አንዳንዱ ሰው ግን ሆጃ ነበር የሚጠጣው። ሆጃ የቡና ገለባ ከወተት ጋር ተፈልቶ የሚጠጣ ነው። ቁጢ የሚባልም አለ፤ እሱ ከቡና ቅጠል ይፈላል። በሐረርጌ ከቡና ዛፍ የሚጣል ነገር የለም። ፍሬው ለገበያ ይሄዳል፤ ገለባውና ቅጠሉ ለቤት ይቀራል።

ከዚያ ስለ በሮቹ ነገረን። ጀጎል ከጥንት ጀምሮ አምስት በሮች አሏት። ሸዋ በር፣ ቡዳ በር፣ ሰንጋ በር፣ ኤረር በርና ፈላና በር ይባላሉ። ሐረሪዎቹ ለየበሩ ሌላ ስም አላቸው። መኪና የሚገባበት ስድስተኛው በር የተከፈተው ኋላ ነው። በአሚሮቹ ጊዜ በሮቹ ማታ ማታ ይዘጉ ነበር። ከገጠር የመጣ ሰው ጦሩን በር ላይ አስቀምጦ ይገባል። ሲወጣ ይወስዳል። ሳይመሽ መውጣትም ነበረበት።

«ግንቡ ጠላት መልሶ ይሆናል» አለ አስጎብኚያችን። «ገበሬን ግን አንድም ቀን መልሶ አያውቅም። ከግንቡ ውስጥ የሚታረስ መሬት የለማ። ገበሬው ሳይገባ ቢቀር ጀጎል ምን ትበላለች?»

ይህን ካለን በኋላ እኛም ምግብ ባየን ቁጥር ከየት እንደመጣ መጠየቅ ጀመርን።

ፈረስ መጋላ ከተማው መሐል ያለ አደባባይ ነው። መጋላ ገበያ ማለት ነው። ድሮ ፈረስ ይሸጥበት ነበር። ዛሬ ባለሦስት እግር ባጃጅ ይቆምበታል። ጥግ ላይ የመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን አለ። ቦታው ቀድሞ መስጊድ ነበር። ምኒልክ በ1879 ዓ.ም. በጨለንቆ ጦርነት የመጨረሻውን አሚር፣ አሚር አብዱላሂን፣ ድል አድርገው ሐረርን ከያዙ በኋላ ነው ቤተ ክርስቲያን የሆነው። አስጎብኚያችን ይህን ሲናገር ድምፁን ከፍም ዝቅም አላደረገም። የሆነውን እንደሆነ ነገረን። ከዚያ በፊት ሐረር የራሷ አሚር፣ የራሷም ገንዘብ ነበራት።

ከፈረስ መጋላ ቁልቁል የሚወርደው መንገድ መኪና ግርግር ይባላል። ስሙን ስንሰማ የመኪና ብዛት መስሎን ነበር። ለካ የልብስ ስፌት መኪና ነው! ልብስ ሰፊዎቹ በግራም በቀኝም ተደርድረው ይሰፋሉ። መኪኖቹ ግርርር ይላሉ። ጨርቅ ገዝቶ እዚያው ያሰፋ ሰው ልብሱን ለብሶ ወደ ቤቱ ይገባል። በዚሁ አቅራቢያ «የራምቦ ቤት» የሚሉት ትልቅ የእንጨት ቤት አለ። ራምቦ በሐረር ቡናና መሣሪያ ይነግድ የነበረ የፈረንሳይ ገጣሚ ነው። የሞተው በ1884 ዓ.ም. ነው። ቤቱን ግን ከሱ ሞት በኋላ የሠራው አንድ የህንድ ነጋዴ ነው። ስሙ ለራምቦ ቀረ። ቤቱ ያምራል፤ ዛሬ ሙዚየም ነው። እኛ ግን ብዙ አልቆየንም፤ የገበያው ሽታ ይጠራን ነበር።

መንገዱ ጊድር መጋላ ያደርሳል። ትልቁ ገበያ ማለት ነው። ሥጋ እዚህ ይሸጣል፤ የግመል ሥጋም አለ። ከላይ ጭላቶች ያንዣብባሉ። ሥጋ የያዘ ሰው ካልተጠነቀቀ ጭላት ከእጁ ላይ መንትፋ ትሄዳለች። ከሥጋው ራቅ ብሎ እናቶች መሬት ላይ ተቀምጠዋል። አብዛኞቹ በዙሪያው ካሉ ገጠሮች የመጡ የኦሮሞ ሴቶች ናቸው። ድንች፣ ሽንኩርት፣ ማንጎ፣ ቃሪያ፣ ማገዶ ይሸጣሉ። አንዲት እናት የተቆላ ኦቾሎኒ በጣሳ እየሰፈሩ ይሸጡ ነበር። አስጎብኚያችን «አዴ» ብሎ ሰላም አላቸውና በኦሮምኛ አነጋገራቸው። ኦቾሎኒው ከባቢሌ በኩል የመጣ ነው። የባቢሌ ኦቾሎኒ በአገሩ ሁሉ የታወቀ ነው። መሬቱ አሸዋማ ስለሆነ ይስማማዋል።

ሁለት ጣሳ ገዛን። በሚሸጡበት ምን እንደሚገዙ ጠየቅናቸው። «ዘይትና ስኳር» አሉ። «ዘንድሮ ዝናቡ አጥሮ ነበር፤ ፍሬው ደቃቅ ነው» ብለውም አሳዩን። እውነትም ደቃቅ ነው። ግን ይጣፍጣል። እሳቸው ሰዓታቸውን በፀሐይ ያውቃሉ። ጥላው ግድግዳው ጋ ሲደርስ ዕቃቸውን ሰብስበው በኤረር በር ይወጣሉ። ዛሬ በሩን የሚዘጋ ማንም የለም። ቢሆንም መንገዱ ሩቅ ነው።

ከቀትር በኋላ አንድ የሐረሪ ቤት ገባን። ከውጭ ሲያዩት ድንጋይ ብቻ ነው። ከውስጥ ሌላ ዓለም ነው። ሳሎኑ ውስጥ ነደባ የሚባሉ አምስት መደቦች አሉ፤ ከፍና ዝቅ ያሉ። ሁሉም እንደ ደረጃው ይቀመጣል። ሽማግሌው የት፣ እንግዳው የት፣ ወጣቱ የት እንደሚቀመጥ የታወቀ ነው። ግድግዳው ላይ ሴቶቹ የሰፏቸው ባለቀለም የስፌት ሥራዎች ተደርድረዋል። ከበሩ በላይ የተጠቀለለ ምንጣፍ ከታየ በቤቱ ለትዳር የደረሰች ልጅ አለች ማለት ነው። መደቡ በቀይ አፈር የተቀባ ነው። ቀዩ በጨለንቆ ለፈሰሰው ደም መታሰቢያ ነው የሚሉ አሉ።

የቤቱ እመቤት ቡና አቀረቡልን። ጓሮው ላይ የውሃ ጀሪካኖች ተደርድረው አየን፤ ከአሥር በላይ ነበሩ። ለምን እንደሆነ ጠየቅን። «ልማድ ሆኖብን ነው» አሉ እመቤቲቱ። «ሐረማያ ከደረቀ ወዲህ ባዶ ጀሪካን ስናይ አንወድም።»

ነገሩ እንዲህ ነው። ሐረማያ ከሐረር 20 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ የሚገኝ ሐይቅ ነው። ሐረር ለብዙ ዓመታት የምትጠጣው ከዚያ ነበር። በ1990ዎቹ አጋማሽ ሐይቁ ጨርሶ ደረቀ። ጀልባ ይሄድበት የነበረው ቦታ ከብት ጋጠበት። እንዴት ደረቀ? ምክንያቱ አንድ አይደለም። በዙሪያው ያሉት ኮረብታዎች ዛፋቸው ተመነጠረ። ዝናብ ሲዘንብ ጎርፉ አፈሩን እየጠረገ ወደ ሐይቁ ከተተው። ሐይቁ በደለል ሞላ። ደለል ማለት ጎርፍ ይዞት የሚመጣ አፈር ነው። ገበሬውም ለጫትና ለአትክልት በሞተር ይስብ ነበር። ጫት ውሃ ይጠጣል፤ ገንዘብም ያመጣል። ገበሬውን ምን ትሉታላችሁ? ከተማዎቹም በበኩላቸው በቧንቧ ይወስዱ ነበር። ሁሉም ወሰደ፤ የተካ ግን አልነበረም።

ያኔ የጀጎል ሴቶች ውሃ ፍለጋ ሌሊት ይሰለፉ ነበር አሉን። ሻይ ቤቶች የሚያፈሉትን ቀነሱ። ሳምቡሳ የምትጠብሰውም ሊጧን የምታቦካበት ውሃ ትገዛ ነበር። ኮረብታ ላይ የታጠበው አፈር ከግንቡ ውስጥ ያለችውን ምጣድ ነካት። ኋላ ከድሬዳዋ በኩል ከመሬት ሥር የሚወጣ ውሃ በፓምፕ ተገፍቶ ዳገቱን ወጥቶ መጣላቸው። በቅርብ ዓመታት ደግሞ በዙሪያው እርከን እየተሠራ፣ ችግኝ እየተተከለ፣ ሐረማያ እንደገና ውሃ መያዝ ጀምሯል። እመቤቲቱ ይህንን ሰምተዋል። ጀሪካኖቹን ግን አላነሱም።

ሲመሽ ወደ ሸዋ በር ሄድን። እዚያ የሚሸጠው ምግብ ማታ ነው የሚደምቀው። ሳምቡሳው ውስጡ ምስር ነው፤ ሥጋ ያለውም አለ። ስስ ሊጥ ሦስት ማዕዘን ሆኖ ይጠቀለልና በዘይት ይጠበሳል። አስጎብኚያችን ከዘይት ሲወጣ እያያችሁ ግዙ፣ የቆየውን ተዉት ብሎናል። ምክሩ ለየትኛውም ከተማ ይሠራል። ሚጥሚጣ ነስንሰን በላን።

በመጨረሻ ከግንቡ ውጪ ጅብ ሲቀለብ አየን። ቀላቢው በስማቸው ይጠራቸዋል። ሥጋ በእንጨት አንጠልጥሎ ያቀብላቸዋል። አንዱ እኛን አልፎ ሲሄድ ጠጉሩ ነካን። ጅቦቹ ሌሊት ወደ ከተማው የሚገቡባቸው ቀዳዳዎች በግንቡ ላይ አሉ። ወራባ ኑዱል ይሏቸዋል፤ የጅብ ቀዳዳ ማለት ነው። ገብተው የተጣለ አጥንት ይለቅማሉ። ሲነጋ መንገዱ ጸድቶ ይገኛል።

እዚያው ላይ ከአስጎብኚያችን ጋር ተሰነባበትን። ገንዘቡን ቆጥሮ ተቀበለ። ከዚያ ወደ ሸዋ በር ተመልሶ ስምንት ሳምቡሳ በወረቀት አስጠቀለለና ወደ ልጆቹ ሄደ።