ያላሰማሁት ክስ

በሐዋሳ ከተማ፣ በሐይቅ ዳር ክፍለ ከተማ ካሉት ቀበሌዎች በአንዱ የነዋሪዎች መዝገብ ላይ ስሠራ የአንድ ወጣት ማመልከቻ ውድቅ አድርጌያለሁ። የጠየቀው ለሥራ ውድድር የሚያቀርበው፣ ሲዳማ መሆኑን የሚገልጽ ደብዳቤ ነበር። ሦስት ምስክሮች አመጣ። ሁለቱ አባቱንም አያቱንም እናውቃለን አሉ። ሦስተኛው በሰፈሩ የተከበሩ ሽማግሌ ናቸው። ልጁ ፊት «አውቀዋለሁ» ብለው ፈረሙ፤ ከዚያ ብቻቸውን ተመልሰው መጡና «እሱ እንኳ ከእኛ አይቆጠርም» አሉኝ። ለምን ብዬ አልጠየቅሁም። ማመልከቻው ላይ «አልተረጋገጠም» ብዬ ጻፍሁ።

ጊዜው የሲዳማ ክልል በተመሠረተ ማግስት ነበር። ኅዳር 10 ቀን 2012 በተካሄደው ሕዝበ ውሳኔ ከድምፅ ሰጪው ከ98 በመቶ የሚበልጠው ክልልነትን መርጦ፣ በዚያው ዓመት ሰኔ ላይ ሲዳማ ክልል ሆነ። ሐዋሳ ወላይታው፣ አማራው፣ ኦሮሞው፣ ጉራጌው ተጋብቶ የሚኖርባት ከተማ ናት፤ ብሔር የተጻፈበት ወረቀት ክብደቱ ድንገት ጨመረ። በሐሰት ደብዳቤ የሰው ዕድል የሚወስድም አይጠፋም፤ ማጣራት ተገቢ ነው። እኔ ግን ምንም አላጣራሁም። ሹክሹክታ ተቀብዬ ማኅተም መታሁበት።

ልጁ ውጤቱን ሲሰማ «ጋሼ፣ ምን ጎደለ? ሌላ ምስክር ላምጣ?» አለኝ።

«መረጃህ አልተሟላም» አልሁት።

ዋሸሁት። መረጃው ሙሉ ነበር። የጎደለው እሱ ዘንድ አልነበረም፤ የተባለበትን ነግሬው መልሱን መስማት የእኔ ሥራ ነበር። ይግባኝ የሚልበትን ቦታ እንኳ አላሳየሁትም።

የሽማግሌው ቃል ምን እንደ ነበር የገባኝ ቆይቶ ነው። ቤተሰቡ ሃዲቾ ናቸው፣ ሸክላ ሠሪዎች። በሲዳማ ሸክላ ሠሪውም፣ ቆዳ ፋቂውም፣ ቀጥቃጩም ከቀረው ሕዝብ ጋር አንድ ቋንቋ እየተናገረ በጋብቻና በማዕድ ተገልሎ ኖሯል። ቡና የምናፈላበትን ጀበና እናቶቻቸው ይሠሩልናል፤ ልጃቸው ሲመጣ ደግሞ ከእኛ አይደለም እንላለን። ስለዚህ እኔ የጻፍሁት «አልተረጋገጠም» ስለ ማስረጃ የተሰጠ ውሳኔ አልነበረም። የቆየ ንቀት በእኔ እጅ የመንግሥት ሰነድ ሆነ። ከሁሉ የሚከብደኝ ይህ ነው።

ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 39 ብሔር ምን እንደ ሆነ ሲተረጉም፣ ሰዎቹ ራሳቸው ስለ ዝምድናቸው የሚያምኑትን ከመለኪያዎቹ አንዱ አድርጎታል። የስልጤዎች ማንነት ሲያከራክር በ1993 ዓ.ም. ድምፅ ሰጥተው የወሰኑት ስልጤዎቹ ናቸው። አንድ ሕዝብ በሙሉ ሲጠየቅ፣ እኔ በመስኮቴ ፊት የቆመውን አንድ ሰው አልጠየቅሁትም።

የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ባለ ጉዳይ እንዲሰማና ውሳኔ ከነምክንያቱ እንዲሰጠው ያዛል። የሚገዛው ግን የፌዴራል መሥሪያ ቤቶችን፣ አዲስ አበባንና ድሬዳዋን ነው፤ የእኛን ቀበሌ አይደለም። ይህን ማምለጫ አላደርገውም። አፊኒ በሚባለው የሲዳማ የሽምግልና ሥርዓት ነገር ሁለቱ ወገኖች ሳይሰሙ አይቆረጥም፤ ይህን ከልጅነቴ ጀምሮ ሽማግሌዎች ሲያደርጉት አይቻለሁ። ፋይዳ የተባለው ብሔራዊ መታወቂያ ብሔር አለመጠየቁ ደስ ይለኛል፤ ብሔሩን የሚገልጽ ደብዳቤ የሚጠየቅ ሰው እስካለ ድረስ ግን ሰሚ ያስፈልገዋል።

ልጁን ፈልጌ አገኘሁት። ሽማግሌው ያሉትን ሳልሸሽግ ነገርሁት። የሥራ ውድድሩ ካለፈ ቆይቷል፤ ያን ልመልስለት አልችልም። «ያን ጊዜ ብትነግረኝ መልስ ነበረኝ» አለኝና የአባቶቹን ስም እስከ ሰባተኛው ድረስ ቆጠረልኝ። እኔም የሆነውን ሁሉ ጽፌ፣ ፈርሜበት ሰጠሁት። አቤቱታውን ወደ ወሰደበት ሁሉ ቀርቤ እመሰክራለሁ።