ከጅዳ የመጣው ፒኤስፒ

ከዐረብ አገር በሚላክ ሻንጣ ውስጥ ምን እንደሚገኝ ለዚህ ገጽ አንባቢዎች መንገር አያስፈልገኝም። ሽቶው፣ የልጆች ጫማው፣ ብርድ ልብሱ፣ የዱቄት ወተቱ የታወቀ ነው፤ መሐል ላይ ደግሞ በፎጣ ተጠቅልሎ የሚመጣ አንድ የኤሌክትሮኒክስ ዕቃ አይጠፋም። ከእህቴ ሻንጣ የወጣው ፒኤስፒ ነበር። እህቴ ጅዳ ሰው ቤት ተቀጥራ መሥራት ከጀመረች ሰባት ዓመት ሆናት። ልጇን የማሳድገው እኔ ነኝ፤ ስትሄድ ስድስት ዓመቱ ነበር፣ ዘንድሮ አሥራ ሦስት ሞላው።

ዕቃውን ለማታውቁት፣ ፒኤስፒ የሶኒ ኩባንያ የሠራው፣ በሁለት እጅ ተይዞ የሚጫወቱበት የጌም ማሽን ነው። ጃፓን ውስጥ ለገበያ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2004 መጨረሻ ሲሆን መመረቱ ከቆመ ከአሥር ዓመት በላይ አልፎታል። ጌሙ የሚሸጠው ዩኤምዲ በምትባል፣ በፕላስቲክ ቤት ውስጥ በምትሽከረከር ትንሽ ዲስክ ነበር። ዲስኳን ዛሬ አዲስ አበባ ውስጥ መፈለግ የካሴት ክር የሚቀጥል ሰው እንደመፈለግ ነው። እህቴ ከሁለተኛ እጅ ገበያ የገዛችው ማሽን ይዞ የመጣው አንድ ዲስክ ብቻ ነው፣ የእግር ኳስ ጌም። ልጁ እሱን ብቻ ሁለት ዓመት ተጫወተው። ጫማ የሰቀሉትን ተጫዋቾች ሳይቀር ከነማልያ ቁጥራቸው በቃሉ ያውቃቸዋል።

ዘንድሮ ክረምት ላይ «አክስቴ፣ ላስከፍተው» አለኝ። በገበያው ቋንቋ ማስከፈት ማለት ፋብሪካው የቆለፈውን ማሽን ከፋብሪካው ውጭ የተሠራ ፕሮግራምም እንዲቀበል ማድረግ ነው። ስልክና ጌም የሚጠግን አንድ ሱቅ ይዞኝ ሄደ። ባለሱቁ ማሽኑን አገላብጦ አየና «ሠላሳ ጌም እጭንበታለሁ፣ ነገ ማታ ውሰዱት። ሚሞሪው ግን ፎርማት ይደረጋል» አለ። ልጁ አንድ ቃል ሳይናገር ማሽኑን ከባንኮኒው ላይ አንስቶ ኪሱ ከተተው።

ሚሞሪው ላይ ፎቶ አለ። እህቴ ማሽኑን ከመላኳ በፊት ኮምፒውተር የምታውቅ አንዲት ሐበሻ ጓደኛዋን ለምና፣ አርባ አንድ ፎቶ አስጭናበት ነበር። ቀይ ባሕር ዳር ቆማ፣ የምትተኛበት ጠባብ ክፍል፣ ለእንግዳ ያሰናዳችው ትልቅ የሩዝ ትሪ። ከዚያ ወዲህ ስልኳ ተቀይሯል፤ ፎቶዎቹ ከዚህች ሚሞሪ ሌላ የትም የሉም። ፎርማት ማለት ደግሞ ባዶ ማድረግ ነው። ልጁ ይህን ከባለሱቁ ቀድሞ አውቋል።

እቤት ስንገባ «እኔ ራሴ እከፍተዋለሁ» አለ። እኔ የሒሳብ ሠራተኛ ነኝ፤ ከኮምፒውተር ጋር ያለኝ ዝምድና በኤክሴል በኩል ነው። ስለዚህ ቁጭ አድርጌ አስረዳኝ አልኩት። እንዲህ ዓይነቱን ፋብሪካ ያልሠራውን ፕሮግራም ፈረንጆቹ ሆምብሪው ይሉታል። ምን ማለት ነው ብዬ ስጠይቀው «ቤት ውስጥ የተጠመቀ ቢራ» አለኝ። ጠላ ማለት ነዋ! ፋብሪካ ያልጠመቀው፣ ጎረቤት ለጎረቤት የሚቀዳው፣ አንዳንዱ የሚጣፍጥ አንዳንዱ ሆድ የሚነፋ። ስሙን ካወቅሁ በኋላ ነገሩ ግማሽ በግማሽ ገባኝ።

ቀሪው ግማሽ የቁልፉ ታሪክ ነው። ማሽኑ አንድ ፕሮግራም ከመክፈቱ በፊት የኩባንያውን ዲጂታል ፊርማ ይፈልጋል፤ ፊርማ ከሌለው አይከፍትም። መጀመሪያ ጃፓን ውስጥ የተሸጡት ማሽኖች ይህን ማጣሪያ አጥብቀው አልያዙም ነበርና እ.ኤ.አ. በ2005 ተራ ሰዎች የጻፏቸው ፕሮግራሞች ሠሩባቸው። ኩባንያው በአዲስ የሲስተም እትም ቀዳዳውን ደፈነ፣ ሰዎቹ ሌላ ቀዳዳ አገኙ፣ እሱም ተደፈነ። እ.ኤ.አ. በ2007 ደግሞ የፓንዶራ ባትሪ የሚሉት መጣ። የፒኤስፒ ባትሪ የራሱ መለያ ቁጥር አለው፤ ቁጥሩ በተለየ መንገድ ሲቀየር ማሽኑ የጥገና ሠራተኛ የመጣ መስሎት በሩን ይከፍታል። ባትሪ የሰው መታወቂያ ይዞ ዘበኛ ሲያልፍ አስቡት። የእኛው 3000 የሚባለው ሞዴል በዚህ አይታለልም። ለእሱ የደረሰለት እ.ኤ.አ. በ2011 መጀመሪያ የሆነው ነገር ነው። የፊርማው ቁልፎች ከታላቅ ወንድሙ ከፕሌይስቴሽን 3 ውስጥ ተገኙ። ከዚያ ወዲህ ማንም ሰው ቤቱ በጻፈው ፕሮግራም ላይ የፋብሪካ ማኅተም ሊመታበት ይችላል።

እኔን ያሳሰበኝ ግን ማኅተሙ ሳይሆን ማሽኑ ነው። ዕቃው የእህቴ ነው ማለት እችላለሁ፤ የበዓል ቀን ሳትወጣ ካጠራቀመችው ነው የገዛችው። ልጁም አልደበቀኝም። ሲስተሙ ላይ በሚጻፍበት ሰዓት ኃይል ከተቋረጠ ማሽኑ ሊሞት ይችላል፤ በእነሱ ቋንቋ «ጡብ ይሆናል»፣ ከዚያ በኋላ በር ማስደገፊያ ነው። የሰፈራችንን መብራት ደግሞ እናውቀዋለን። «እናትህን ጠይቃት» አልኩት።

እዚህ ላይ ስለ ኢሞ ጥሪያችን ትንሽ ልናገር። እህቴ የምትደውለው አሠሪዎቿ ከተኙ በኋላ ነው። ከእኔ ጋር ስለ ቤት ኪራይና ስለ እናታችን መድኃኒት እናወራለን፣ ከዚያ ስልኩን ለልጁ እሰጠዋለሁ። «ደህና ነህ?» «ደህና።» «በላህ?» «አዎ።» «ትምህርትስ?» «ጥሩ ነው።» ሦስት ደቂቃ አይሞላም። እያደገ ሲሄድ ይባስ አጠረ። እሷ ታለቅሳለች፣ እሱ ስልኩን ይመልስልኛል። ጥፋቱ የማንም አይደለም፤ ሰባት ዓመት ያላየህን ሰው ምን ብለህ ታጫውተዋለህ?

የዚያን ቀን አርባ ደቂቃ አወሩ። መጀመሪያ እህቴ ተቆጣች። «እትዬ፣ እባክሽ አታስነኪው፤ ከተበላሸ ሌላ መላክ አልችልም» አለችኝ። ልጁ ስልኩን ተቀበለኝና ሁለት ዓይነት አከፋፈት እንዳለ ያስረዳት ጀመር። አንደኛው የማሽኑን አነሣስ ለዘለቄታው የሚቀይር ነው፤ አደጋው ያለው እዚያ ነው። ሁለተኛው የፋብሪካውን ሲስተም ሳይተካ ላዩ ላይ የሚነሣ ነው፤ ማሽኑ ሙሉ በሙሉ ሲጠፋ ይለቃል፣ እንደገና ሲፈለግ በአንድ ቁልፍ ይመለሳል። ማሽናችን ላይ ያለው የሲስተም እትም 6.60 ስለሆነ ሁለተኛው ይበቃዋል። «እማዬ፣ ልብ በይ፣ የድሮው እዚያው ነው ያለው» ይላታል። እሷ ደግሞ «እንዲህ ከሆነ ሲጠፋ የሠራኸውን ይረሳዋል?» ትለዋለች። «እንቅልፍ ካስተኛሁት አይረሳም፣ ሙሉ ለሙሉ ካጠፋሁት ነው።» ጥያቄዋ ትክክለኛ ጥያቄ ነበር። እንዲህ ሲያወሩ ሰምቼ አላውቅም። በመጨረሻ «ፎቶዎቹን መጀመሪያ አውጣቸው» ብላ ፈቀደች።

ሥራው ራሱ ከዝግጅቱ ያነሰ ነው። ባትሪው አብጦ የኋላ ክዳኑን ገፍቶት ስለነበር መጀመሪያ እሱን አወጣን። ቤታችሁ ያረጀ የልጅ ማሽን ካለ ክዳኑን ከፍታችሁ እዩት፤ ያበጠ ባትሪ ቻርጅ አይደረግም፣ አይጫንም፣ አይበሳም። ፒኤስፒ ያለ ባትሪ በቻርጀር ብቻ ይሠራል፣ መብራት ሲጠፋ ግን አብሮ ድርግም ይላል፤ ስለዚህ ምትክ ባትሪ እስኪገኝ ሦስት ሳምንት ጠበቅን። ገመዱም አስቸገረ። የዛሬ ስልኮች ገመድ አይገባለትም፤ ሚኒ ዩኤስቢ የሚባለውን የድሮ የፎቶ ካሜራ ገመድ ይፈልጋል። ከሠርጌ ካሜራ ጋር በካልሲ ታስሮ አገኘሁት።

ቅዳሜ ከሰዓት ሚሞሪውን እንዳለ ወደ ላፕቶፔ ገለበጥን፣ ከላፕቶፑ ደግሞ ፍላሽ ላይ። ከዚያ ልጁ «ፒኤስፒ» በሚለው ፎልደር ውስጥ ካለው «ጌም» የሚባል ፎልደር ሁለት አዳዲስ ፎልደሮች ጨመረ። ነገሩ ይኸው ነው፤ እያንዳንዱ ፕሮግራም በራሱ ፎልደር ይቀመጣል፣ ውስጡ ኢቡት የሚባል አንድ ፋይል አለ፣ ማሽኑ የሚያየው እሱን ብቻ ነው። መጀመሪያ አልታየንም። ከዚፕ ሲወጣ ፎልደር ውስጥ ሌላ ፎልደር ሆኖ ገብቶ ኖሯል። አንዱን አስወግዶ እንደገና ሲያየው ሁለት ምልክቶች ብቅ አሉ፤ አንዱ የሚጭነው፣ ሌላው ከጠፋ በኋላ የሚመልሰው። ቻርጀሩ እንደተሰካ የኤክስ ቁልፉን ተጫነ። ማሽኑ ጠፍቶ ተነሣ። የሲስተም መረጃ የሚለው ቦታ ገብቶ አሳየኝ፤ ከ6.60 ቀጥሎ ሌላ ጽሑፍ ተጨምሯል። ፎቶዎቹ አሉ። የእግር ኳሱም አለ።

ስለ ሠላሳው ጌም ደግሞ ተጨቃጭቀናል። የእኔ አቋም ይህ ነው። ማሽኑ ተከፍሎበታል፣ የልጁ ነው፤ በገዛ ዕቃው ላይ ራሱ የጻፈውን ወይም ባለቤቱ በነፃ የሰጠውን ቢያስኬድ የማንንም ገንዘብ አልነካም። የሌላ ሰው ጌም ኮፒ ግን ሌላ ነገር ነው፤ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ከወጣ ስንት ዘመኑ ነው፣ ዘፋኞቻችን ካሴታቸው በወጣ ማግስት ተባዝቶ ሲሸጥ ያለቀሱትም ከአዋጁ በፊት ነው። ልጁ «ታዲያ የት ሄደን እንግዛው?» ይለኛል። እውነቱን ነው፤ ኩባንያው ራሱ የፒኤስፒን የኢንተርኔት ሱቅ ዘግቶታል፣ ድሮም በብር የሚገዛ አልነበረም። ይህን ክርክር አልጨረስነውም። ለጊዜው በነፃ የተሰጡት ይቅደሙ ብለን ተስማምተናል። ከእነዚያ ውስጥ ኬቭ ስቶሪ የሚባለውን ልጁ በጣም ወዶታል። አንድ ጃፓናዊ ከሥራ በተረፈው ጊዜ ለአምስት ዓመት ያህል ብቻውን ጽፎ፣ ሥሎ፣ ሙዚቃውንም ደርሶ እ.ኤ.አ. በ2004 በነፃ የለቀቀው ነው። ሌሎች ወደ ፒኤስፒ አመጡት። «አንድ ሰው ነው የሠራው» ብሎ ሦስት ጊዜ ነገረኝ።

ሳይቆይ የራሱን ጀመረ። ሉዋ የሚባል የፕሮግራም ቋንቋ አለ፤ ብራዚል ውስጥ አንድ ዩኒቨርሲቲ የፈጠረው፣ በፖርቱጋልኛ ጨረቃ ማለት ነው። ለፒኤስፒ የሉዋ ማጫወቻ አለ፣ እሱም ሆምብሪው ነው። ትእዛዙ ኖትፓድ ላይ ተጽፎ ይቀመጣል፣ ማሽኑ ያነበዋል። ልጁ የፈለገው ለአምስት ዓመቷ ልጄ የፊደል ጨዋታ መሥራት ነው። ፒኤስፒ የእኛን ፊደል አያውቅም። ከፋብሪካው ይዞት የመጣው እንደ ላቲን፣ ጃፓንና ኮሪያ ያሉትን ፊደሎች ነው። መፍትሔው እያንዳንዱን ፊደል እንደ ሥዕል ማስገባት ሆነ። ሠላሳ ሦስቱ ሲባዙ በሰባት 231 ሥዕል፣ ሁሉም 480 በ272 ነጥብ በሆነች ስክሪን የሚገቡ። ሥዕሉን እሱ ይሠራል። ስክሪኑ ላይ ፊደሉ ይመጣል፣ ትንሿ ቁልፍ ስትጫን ደግሞ ድምፅ ይነግራታል።

ድምፁ የእህቴ ነው። ልጁ ነው የጠየቃት። ሌሊት ሥራ ስትጨርስ አንድ ረድፍ ታነባለች፣ በኢሞ ትልካለች፣ እሱ ቆራርጦ ማሽኑ ወደሚቀበለው የድምፅ ፋይል ይቀይረዋል። ቤቱ ስለሚተኛ በሹክሹክታ ነው የምታነበው። ድምፁን ከፍ የሚያደርግ ፕሮግራም አለ፣ እሱ ግን አልፈለገም። ትንሿ ልጄም ሹክሹክታ የጨዋታው ደንብ መስሏት «ሉ» ማለት ያለባትን በጆሮዬ ታንሾካሹክልኛለች። አንዳንድ ሳምንት ሥራ ይበዛባትና ሳትልክ ትቀራለች፤ ልጁ ራሱ ይደውልላትና «እማዬ፣ የሸን ራብዕ እንደገና በይልኝ፣ ውሃ ይሰማል» ይላታል። እስካሁን የገባው እስከ «ሸ» ነው። «ቀ» ለዓርብ ተብሏል።