የዝንብ አጥማጂቱ ተክል አገር

በአሜሪካ ምሥራቅ ጠረፍ፥ በሰሜን ካሮላይና ግዛት፥ ዊልሚንግተን የምትባል የወደብ ከተማ አለች። ከዚህች ከተማ ተነሥቶ ወደ ደቡብ ምዕራብ የሚጓዝ መንገደኛ ብዙም ሳይርቅ ግሪን ስዋምፕ ከሚባለው ሰፊ ረግረግ ይደርሳል። አገሩ ሜዳ ነው፤ ረጃጅም የፓይን ዛፎች ተራርቀው ቆመዋል፤ ከሥራቸውም ሣር ለብሷል። መንገደኛው ዐይኑን ወደ ዛፎቹ ሰቅሎ የሄደ እንደ ሆነ ግን ሊያያት የመጣውን ተክል ረግጧት ያልፋል፤ ቅጠሏ ከመሬት ከስንዝር በላይ ከፍ አይልምና።

ፈረንጆች «ቬነስ ፍላይትራፕ» ይሏታል። የቅጠሏ ጫፍ እንደ ተከፈተ መጽሐፍ ሁለት ክንፍ አለው፤ በዳሩም እንደ ሽፋሽፍት ያለ ጥርስ ተደርድሮበታል። በውስጡ ቀጫጭን ጠጉሮች አሉ። ጉንዳን ወይም ሸረሪት ጠጉሩን አንድ ጊዜ ቢነካው ምንም አይሆንም። በ20 ሴኮንድ ያህል ውስጥ ደግሞ የነካ እንደ ሆነ ግን ቅጠሉ በዐይን ጥቅሻ ይከደናል። የዝናብ ጠብታ በከንቱ እንዳያደክማት ይህ ጥንቃቄ ይጠቅማታል። ከዚያም እንደ ጨጓራ ፈሳሽ አመንጭታ ምርኮዋን በሳምንት ያህል ጊዜ ትፈጨዋለች።

ተክል ሆና ሥጋ መብላቷ ስለ ምንድን ነው ቢሉ፥ መሬቱ ድኻ ስለ ሆነ ነው። አሸዋማው እርጥብ አፈር ናይትሮጅን ስለሚያንሰው፥ ከምድር ያጣችውን ከነፍሳት ታገኛለች።

የሰሜን ካሮላይና ገዥ የነበሩት አርተር ዶብስ ስለ እርሷ በደብዳቤ የጻፉት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1759 ዓ.ም. ነበር። ቻርልስ ዳርዊንም በ1875 ስለ ሥጋ በል ተክሎች ባሳተመው መጽሐፍ አንድ ምዕራፍ ሰጥቷታል። ስሟ ዓለምን ያዳርስ እንጂ የተፈጥሮ አገሯ በሁለቱ ካሮላይናዎች፥ ከዊልሚንግተን ዙሪያ 120 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ነው።

ይህ ጠባብ አገር ደግሞ እየጠበበ ሄዷል። ረግረጉ እየደረቀ ቤትና መንገድ ተሠራበት፤ ሌቦችም ከነሥሯ እየነቀሉ ይሸጧታል። ቀድሞ በቀላል መቀጮ ይታለፍ የነበረው ይህ ስርቆት ከ2014 መጨረሻ ጀምሮ በሰሜን ካሮላይና ከባድ ወንጀል ሆኗል።

ሦስተኛው ጠላቷ የእሳት መጥፋት ነው። ጥንት በመብረቅ የሚነሣው ቃጠሎ ቁጥቋጦውን እየጠረገ ፀሐይ ያገባላት ነበር፤ የእርሷ ሥር ግን ከመሬት በታች ተሸሽጎ ይተርፍና እንደገና ያቆጠቁጣል። ሰው ለደኑ አስቦ እሳቱን ባጠፋ ጊዜ ቁጥቋጦው አድጎ በጥላ ገደላት። ስለዚህ የግሪን ስዋምፕ ጠባቂዎች ቀን መርጠው፥ ነፋስ አይተው፥ ሣሩን ራሳቸው ያቃጥላሉ።

በየአትክልት መሸጫው በሸክላ ተተክላ የምትገኝ ከሆነ ታዲያ ምን ጎደለ የሚል አይጠፋም። በሸክላው ውስጥ ተክሏ አለች፤ እሳቱ፥ ረግረጉና አበባዋን የሚጎበኙት ንቦች ግን የሉም። እነዚህን አንድ ላይ የያዘው ያ ዊልሚንግተን ዙሪያ ያለው መሬት ነው።