ፖፕላር ከንቲባዋን በስም በምትጠራበት ዘመን

ሰው ያልኖረበትን ዘመን ይናፍቃል ወይ ብትሉኝ፣ አዎ፣ ይናፍቃል። እኔን የሚናፍቀኝ በኖቬምበር 1919 በምሥራቅ ለንደን ፖፕላር ክፍለ ከተማ የተደረገው የአካባቢ ምክር ቤት ምርጫና እሱን ተከትለው የመጡት ጥቂት ዓመታት ናቸው። (ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር እጠቅሳለሁ።) ለፓርላማ ምርጫማ ሁሉም ታሪክ ጽፎለታል። ስለ መጸዳጃ፣ ስለ መብራት፣ ስለ ልጆች ወተትና ስለ ቤት ግብር የሚወስነው የሰፈር ምርጫ ግን ብዙ ጊዜ ከተቆጠረ በኋላ የሚረሳ ነው። በፖፕላር አልተረሳም፤ ሰዎች ታስረውለታልና።

ፖፕላር የደረስኩት በ1990ዎቹ መጀመሪያ በስደት ነው። ያኔ ክፍለ ከተማዋ ራሷ የለችም። በ1965 ከስቴፕኒና ከቤትናል ግሪን ጋር ተቀላቅላ ታወር ሃምሌትስ በሚባል ትልቅ አስተዳደር ውስጥ ገብታ ነበር። ስሟ ግን ሰፈሩን አልለቀቀም። በክሪስፕ ስትሪት ገበያ ዙሪያ ያሉት ቤቶች ዛሬም በጆርጅ ላንስበሪ ስም ይጠራሉ። እኔም ይህ ሰው ማን ነው ብዬ ስጠይቅ ነው ወደዚያ ዘመን የገባሁት።

ፖፕላር ክፍለ ከተማ ሆና የመጀመሪያ ምርጫዋን ያደረገችው በኖቬምበር 1900 ነው። ኑሮዋ በቴምስ ወንዝ ወደብ ላይ የተንጠለጠለ ነበር። የወደቡ የቀን ሠራተኛ ጠዋት በሩ ላይ ይሰለፋል፤ አለቃው በጣቱ የጠቆመው ይገባል፣ ያልተጠቆመው ባዶ እጁን ይመለሳል። ደጋግሞ ባዶ እጁን የተመለሰ አባት ደግሞ የድሆች መርጃ ቢሮ ሄዶ እጁን ይዘረጋል። እዚህ ላይ ነው ሁልጊዜ ደሜን የሚያፈላው ነገር። እስከ 1918 በነበረው ሕግ፣ ለልጆቹ ዳቦ ከዚያ ቢሮ የተቀበለ ሰው ስሙ ከመራጮች መዝገብ ይፋቅ ነበር። በድህነት ላይ የድምፅ ማጣት ይጨመርበታል። ስለ ድሆች እርዳታ የሚወስኑትን የሚመርጡት እርዳታውን ያልተቀበሉ ሰዎች ነበሩ ማለት ነው።

ከዚህ ሁሉ ውስጥ ዊል ክሩክስ የሚባል በርሜል ሠሪ ወጣ። በልጅነቱ ቤተሰቡ ሲቸገር በድሆች ማኖሪያ ውስጥ ያለፈ ሰው ነው። በ1901 የፖፕላር ከንቲባ ሆነ፤ በለንደን የመጀመሪያው የሠራተኛ ወገን ከንቲባ እሱ ነው። እሑድ እሑድ በኢስት ኢንዲያ ወደብ በር ላይ ቆሞ ለሕዝብ ይናገር ነበር። ሕዝቡም መርጦት ሲያበቃ በሚቀጥለው እሑድ እዚያው በር ላይ ያገኘዋል። ያ ነገር፣ የመረጡትን ሰው በሰፈር ማግኘት፣ በኋላ ለሆነው ሁሉ መሠረት ይመስለኛል።

በአንደኛው የዓለም ጦርነት ምክንያት ምርጫው ተቋርጦ ቆየ። በ1919 ሲመለስ መዝገቡ ተለውጧል፤ የተረዱ ድሆች ገብተዋል፣ ከሠላሳ ዓመት በላይ የሆኑ ያገቡ ሴቶች ገብተዋል፣ ባዶ ክፍል ተከራይተው የሚኖሩ ገብተዋል። ውጤቱም በአንድ ቀን ታየ። ከ42 የምክር ቤት ወንበሮች 39ኙን የሠራተኛ ፓርቲ ወሰደ፤ ላንስበሪም ከንቲባ ሆነ። የተመረጡት የወደብ ሠራተኞች፣ የባቡር ሠራተኞች፣ የቤት እመቤቶች ነበሩ። የምክር ቤት አባልነት ደመወዝ አልነበረውም። ቀን ሲሠሩ ውለው ማታ ስብሰባ ይገባሉ። መራጮቻቸው ኪራይ ሲያቅታቸው የሚያንኳኩት የእነሱኑ በር ነው። ላንስበሪ በቦው መንገድ ከሕዝቡ መካከል ይኖር ነበር፤ ቀጠሮ የሚይዝለት ጸሐፊ ማለፍ አያስፈልግም።

ምክር ቤቱ የሠራው ሥራ ዝርዝሩ ረጅም ነው፤ አንዱን ብቻ ላንሳ። በ1920 ለሠራተኞቹ ሁሉ፣ ለወንድም ለሴትም እኩል፣ በሳምንት ቢያንስ 4 ፓውንድ እንዲከፈል ወሰነ። መንገድ የምትጠርግ ሴት አንድ ወንድ የሚከፈለውን ታገኛለች ማለት ነው። ይህ የሆነው ያላገቡ ወጣት ሴቶች ገና ለፓርላማ በማይመርጡበት ጊዜ ነው።

ከዚያ ግብሩ መጣ። የለንደን ክፍለ ከተሞች ለራሳቸው ወጪ ብቻ ሳይሆን ለለንደን ካውንቲ ምክር ቤት፣ ለፖሊስ፣ ለውኃ ቦርድና ለሆስፒታሎች ቦርድ ጭምር ከነዋሪው የቤት ግብር ሰብስበው ይሰጡ ነበር። ግብሩ በቤቱ የኪራይ ግምት ላይ ይሰላል። ባለጸጎቹ የሚኖሩባት ዌስትሚንስተር በተመሳሳይ ተመን ከፖፕላር ብዙ እጥፍ ገንዘብ ታገኛለች፤ ሥራ አጡን የመርዳት ሸክም ግን የየሰፈሩ ነው። ድሃ ድሃን ይርዳ የሚል ሥርዓት ነበር። በ1921 ሥራ አጥነቱ ሲከፋ የፖፕላር ምክር ቤት ለሰፈሩ ችግረኞች የሚውለውን ብቻ እሰበስባለሁ፣ ለውጭ ቦርዶቹ የሚሄደውን አልሰበስብም አለ። እንዲህ ያለ ውሳኔ ሕገ ወጥ መሆኑን ያውቁ ነበር። አልደበቁትም።

ጁላይ 29 ቀን 1921 የምክር ቤቱ አባላት የፖፕላር ክፍል ከሆነችው ከቦው ተነስተው በእግራቸው ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ሄዱ። ፊት ፊታቸው የምክር ቤቱን በትረ ሥልጣን የያዘው ሰው፣ ከንቲባው ሳም ማርች ከነአንገት ሰንሰለቱ፣ ኋላቸው ሕዝቡ። የያዙት መፈክር ወደ ፍርድ ቤት፣ ምናልባትም ወደ እስር ቤት እየሄዱ መሆናቸውን ይናገር ነበር። በሴፕቴምበር መጀመሪያ 30 የምክር ቤት አባላት ታሰሩ፤ 25 ወንዶች በብሪክስተን፣ 5 ሴቶች በሆሎዌይ።

ስለ አምስቱ ሴቶች ሳስብ ወደ አገሬ እመለሳለሁ፤ መንገዱም እውነተኛ መንገድ ነው። ለኢትዮጵያ ነጻነት የተሟገተችው፣ አዲስ አበባ ኖራ በ1960 ያረፈችውና በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል የተቀበረችው ሲልቪያ ፓንክረስት ከ1912 ጀምሮ በዚሁ በቦው ትኖር ነበር። የሰፈሩን ሴቶች ያደራጀችው፣ በጦርነቱ ጊዜ በርካሽ ዋጋ ምግብ የሚሸጥበት ቤትና የሕፃናት ማዋያ የከፈተችላቸው እሷ ናት። ከታሰሩት መካከል ሚኒ ላንስበሪ፣ ጁሊያ ስከርና ኔሊ ክሬሳል በዚህ እንቅስቃሴ ውስጥ ያለፉ ናቸው። ሲልቪያ ራሷ በዚያ ወቅት በምርጫ ለውጥ ይመጣል የሚለውን እምነት ትታ ነበር፤ በጋዜጣዋ በወጡ ጽሑፎች ተከሳ ስድስት ወር ተፈርዶባት ከሆሎዌይ የወጣችው በዚያው ዓመት በሜይ ነው። እሷ በወጣች በጥቂት ወራት ጓደኞቿ እዚያው እስር ቤት ገቡ። በሥላሴ ግቢ መቃብሯን የሚያዩ ወገኖቼ ይህን ቢያውቁ ደስ ይለኛል። ለእኛ ጋዜጣ ያቋቋመች ሴት ድፍረቷን ያሠለጠነችው በምሥራቅ ለንደን ድሆች መካከል ነው።

ኔሊ ክሬሳል ስትታሰር ነፍሰ ጡር ነበረች። መንግሥት ከሕዝቡ ቁጣ የተነሣ ከሌሎቹ አስቀድሞ ለቀቃት። ሱዛን ሎውረንስ ደግሞ ከሀብታም ቤት የተወለደች፣ ቀድሞ የወግ አጥባቂዎች ተመራጭ የነበረች ናት፤ የትምህርት ቤት ጽዳት ሠራተኞች የሚከፈላቸው አነስተኛ ደመወዝ ነው ወገን ያስለወጣት። እስረኞቹ ምክር ቤቱ ሥራውን እንዲቀጥል ጠየቁና ተፈቀደላቸው። ሴቶቹ በመኪና ከሆሎዌይ ወደ ብሪክስተን እየመጡ፣ ስብሰባው እስር ቤት ውስጥ እየተጠራ፣ ቃለ ጉባኤ እየተያዘ የሰፈሩ ጉዳይ ይታይ ነበር። ውጭ ሕዝቡ ይዘምራል፤ ላንስበሪም ከመስኮቱ ብረት ጀርባ ሆኖ ይናገራል። የስቴፕኒና የቤትናል ግሪን ምክር ቤቶችም እኛም ግብሩን አንሰበስብም ብለው ሲወስኑ መንግሥት ነገሩ እንደሚዛመት ገባው። ከስድስት ሳምንት በኋላ፣ ኦክቶበር 12፣ ሁሉም ተፈቱ። ባለጸጋው ሰፈር ለድሃው ሰፈር ችግረኞች እንዲያዋጣ የሚያደርግ ሕግም በዚያው ዓመት ወጣ። ካመፁለት ጉዳይ ዋናውን አገኙ።

ዋጋው ግን ተከፍሏል። ሚኒ ላንስበሪ፣ የስደተኛ አይሁዳውያን ልጅና መምህርት የነበረችው፣ በጃንዋሪ 1 ቀን 1922 በሳንባ ምች ሞተች። ዕድሜዋ 32 ነበር። በቦው መንገድ ላይ በስሟ የተሰቀለ ሰዓት አለ፤ አውቶቡስ የሚጠብቁ ሰዎች ሰዓት ያዩበታል። በዚያው ዓመት ኖቬምበር ምርጫ መጣ። በብዙ የለንደን ክፍለ ከተሞች የሠራተኛ ፓርቲ ሲሸነፍ ፖፕላር የታሰሩላትን ሰዎች መልሳ መረጠች። ለእኔ ከሰልፉም ከእስሩም የሚበልጠው ያ የኖቬምበር ቀን ነው። ጋዜጦች ስማቸውን ሲያጠፉ፣ ጎረቤቶቻቸው የሚያውቁትን ያውቁ ስለነበር ወደ ምርጫ ጣቢያ ሄደው መስቀል አደረጉላቸው።

ከዚያ በኋላ ያለው ሥልጣን እየተሸረሸረ የሄደበት ታሪክ ነው። በ1925 የጌቶች ምክር ቤት ዳኞች የ4 ፓውንዱን ደመወዝ ሕገ ወጥ አሉት፤ የሴትን ደመወዝ ከወንድ ማስተካከልን እንደ ጥፋት የቆጠሩት ሰዎች የተማሩ ዳኞች መሆናቸው ዛሬም ያሳዝነኛል። የጀርመን ቦምብ ሰፈሩን አፈራረሰው፤ ሕዝቡ ከግማሽ በታች ወረደ። ኔሊ ክሬሳል በ1943፣ በዚያ ፍርስራሽ መካከል፣ ከንቲባ ሆነች። በ1965 ክፍለ ከተማዋ ፈረሰች። በ1980 የመጨረሻዎቹ የአካባቢው ወደቦች ተዘጉ፤ በሚቀጥለው ዓመት፣ በ1981፣ የወደቡ መሬት ዕቅድ ከተመረጠው ምክር ቤት ተወስዶ መንግሥት ለሾመው የልማት ኮርፖሬሽን ተሰጠ። በዚያ መሬት ላይ የካነሪ ወርፍ ሕንፃ ሲወጣ የሰፈሩ ሰው ድምፅ የሚሰጥበት ቦታ አልነበረም።

እኔ የደረስኩበት ዘመን ይህ ነው። በሴፕቴምበር 1993 በዚያው የወደብ አካባቢ ባለው ሚልዎል ወረዳ ላይ አንድ ወንበር ለማሟላት ምርጫ ተደረገና በ7 ድምፅ ብልጫ ስደተኛ ጠሉ ብሪቲሽ ናሽናል ፓርቲ አሸነፈ፤ በታሪኩ የመጀመሪያው የምክር ቤት ወንበር ነበር። ቤት ለማግኘት ዓመታት የጠበቁ ነጭ ድሆችን፣ ከእነሱ እኩል ቤት ካጡ የባንግላዴሽ ቤተሰቦች ጋር ማጣላት ቀላል ሆኖ ነበር። በዚያ ሳምንት በሰፈራችን የነበረውን ፍርሃት አልረሳውም፤ እናቶች ልጆቻቸውን ከትምህርት ቤት ራሳቸው ሄደው ያመጡ ነበር። በ1921 የፖፕላር ድሃ ጠላቱን የፈለገው በግብር ሥርዓቱ ውስጥ ነበር። በ1993 በጎረቤቱ በር ላይ ፈለገው። ልዩነቱን የፈጠረው የሰው ክፋት ነው ብዬ አላምንም። የመሬቱን ጉዳይ የሚወስነው አካል ድምፅ ወደማይደርስበት ቦታ መሄዱ ነው።

በሜይ 1994 መደበኛው ምርጫ መጣ። እኔ ዜግነት ገና ስላልነበረኝ ድምፅ አልነበረኝም። ቤንጋሊዎቹ ጎረቤቶቼ አያቶችን እየደገፉ፣ ነጮቹ የሠራተኛ ማኅበር ሽማግሌዎች በር እያንኳኩ ሰው ሲያወጡ አየሁ። አንዷን አረጋዊት ጎረቤቴን እኔ ራሴ እጇን ይዤ እስከ ምርጫ ጣቢያው አደረስኳት፤ እሷ ገብታ እስክትወጣ በር ላይ ጠበቅሁ። ስትወጣ ሦስቱንም ድምፄን ለሠራተኛ ፓርቲ ሰጠሁ አለችኝ። ሦስቱም የፓርቲው ዕጩዎች አሸነፉ።