አጥር ያልገባበት መንደር

ጸሐፌ ተውኔት ወደ ሰው አገር ሲሄድ፣ አገሩን ሳያይ የጻፈውን ድርሰት በሻንጣው ይዞ የመሄድ ክፉ ልማድ አለው። እኔም እ.ኤ.አ. በ2008 ለትምህርት እንግሊዝ አገር በነበርኩበት ወቅት አንድ ባለ ሦስት ገቢር ተውኔት ጀምሬ ነበር። ርእሱ «አጥር» ነው። በመጀመሪያው ገቢር ገበሬዎች አጥር በሌለው ማሳ ጎን ለጎን ያርሳሉ፤ በሁለተኛው ጌታው መሬቱን ያጥራል፤ በሦስተኛው ሕዝቡ አጥሩን ይነቅላል። ረቂቁን ያነበቡት መምህሬ ብዙም አላመሰገኑኝም። «አጥር ያልገባበት መንደር ሳታይ ስለ አጥር አትጻፍ» አሉኝና የላክስተንን ስም በቁራጭ ወረቀት ጽፈው ሰጡኝ።

የእንግሊዝ ገጠር በባቡር መስኮት ለሚመለከተው እንግዳ እንደ ተጠለፈ ጥበብ ያምራል። ዳሩ ግን ማሳን ከማሳ የሚለየው ያ እሾሃማ ቁጥቋጦ በአብዛኛው ሕግ የተከለው አጥር እንጂ ተፈጥሮ ያበቀለው ጌጥ አይደለም። እ.ኤ.አ. ከ1604 እስከ 1914 ድረስ የአገሪቱ ፓርላማ ከ5,200 የሚበልጡ የመሬት ማጠሪያ ሕጎችን አጽድቋል፤ በእነዚህም ሕጎች 6.8 ሚሊዮን ኤከር ያህል መሬት፣ ማለትም ከእንግሊዝ ምድር አንድ አምስተኛ የሚበልጠው፣ ከመንደር የጋራ ሥርዓት ወጥቶ በግል ይዞታ ሥር ገብቷል። ከእርሻ ሠራተኛ ቤተ ሰብ የተወለደው ባለ ቅኔ ጆን ክሌር የሄልፕስተን መንደሩ በ1809 ሕግ ሲታጠር አይቶ በግጥም አልቅሷል። የተውኔቴ ሁለተኛ ገቢር ከእርሱ የተቀዳ ነበር ብል ከእውነት አልርቅም።

ላክስተን በኖቲንግሃምሻየር፣ ከሸርዉድ ደን በስተምሥራቅ ትገኛለች። መንደሯ ትንሽ ናት። የቅዱስ ሚካኤል ቤተ ክርስቲያን፣ ዶቭኮት የሚባል አንድ መጠጥ ቤት፣ ከበስተሰሜን ኖርማኖች የገነቡት የአምባ ፍርስራሽ፣ ይኸው ነው። እኔን መጀመሪያ ያስደነቀኝ ግን የገበሬዎቹ ቤት አቀማመጥ ነው። መሬታቸው በታጠረባቸው ሥፍራዎች ብዙ ገበሬዎች መንደሩን ትተው በየማሳቸው መካከል ለብቻቸው ቤት ሠርተዋል። የላክስተን የጡብ ቤቶች ግን ዛሬም በመንገዱ ግራና ቀኝ ተደርድረው ይታያሉ። ከጎረቤት ጋር የተኳረፈ ሰው ወዴትም መሸሸጊያ የለውም።

ከመንደሩ ውጭ ሦስት ሰፋፊ ማሳዎች አሉ፤ ስማቸው የምዕራብ፣ የወፍጮና የደቡብ ማሳ ነው። መሬቱ ቀይና ከባድ ጭቃ ሲሆን ውስጡን የሚከፋፍል አጥር አይታይበትም። እያንዳንዱ ገበሬ በሦስቱም ውስጥ እዚህም እዚያም የተበታተኑ ረዣዥም ቁራሽ መሬቶች አሉት። አንደኛው ማሳ በክረምት ስንዴ ሲሸፈን፣ ሁለተኛው በጸደይ የሚዘራ እህል ያበቅላል፤ ሦስተኛው ጦም ያድራል፣ በዘመናችንም የከብት መኖ ይዘራበታል። በየዓመቱ ተራው ይዞራል። ማረስ የማይቻልባቸው ተዳፋቶችና ረግረጎች «ሳይክ» ተብለው በሣር ይቀራሉ፤ ሣራቸው በየዓመቱ በጨረታ ይሸጣል። መሬቱ ለምን እንደ ተበታተነ ማንም እንዲያስረዳኝ አላስፈለገኝም። አባቴ ጎጃም ውስጥ በአንድ ቀን ሦስት ቦታ የሚያርስ ገበሬ ነው፤ ለሙ ለአንዱ፣ ድንጋያማው ለሌላው ብቻ እንዳይደርስ የተደረገ ነው።

እነዚህን ቁራሾች አንድ በአንድ፣ ከያዡ ስም ጋር የሚያሳይ እ.ኤ.አ. በ1635 ማርክ ፒርስ የሠራው ካርታ በኦክስፎርድ የቦድሊ ቤተ መጻሕፍት ይገኛል። ካርታ ይባል እንጂ ለእኔ መድረክ ሆኖ ነው የታየኝ። ደቃቅ ሰዎች ያርሱበታል፣ ይዘሩበታል፣ ያጭዱበታል፤ አጋዘን የሚያሳድዱም አሉ። ካርታውን ያሠራው ሰር ዊልያም ኮርተን የለንደን ነጋዴ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1627 ባርቤዶስ የእንግሊዝ ቅኝ ግዛት ስትሆን ወጪውን የቻለው እርሱ ነው። ይህንን ካወቅሁ በኋላ በሥዕሉ ላይ የሚያጭዱትን ሰዎች እንደ ቀድሞው በየዋህነት መመልከት አልቻልኩም።

በኅዳር ወር፣ ስንዴው እንደ በቀለ፣ የዳኞቹ ቀን ይውላል። ከመንደሩ ሰዎች የተውጣጡት ዳኞች ቦት ጫማቸውን አጥልቀው በዚያ ዓመት ስንዴ የተዘራበትን ማሳ በእግር ይዞራሉ። የውኃ ቦዮቹን ይመለከታሉ፣ ችካል በወደቀበት ችካል ይተክላሉ፣ ድንበር የገፋ፣ መንገድ ወይም የጋራ ሣር ያረሰ ሰው ካለ ይመዘግባሉ። ፈቃድ ጠይቄ ከኋላ ከኋላ ተከተልኳቸው። አንድ ቦታ ላይ ሁሉም ቆሙ። የአንዱ ትራክተር ከሣሩ ላይ ምናልባት አንድ ክንድ ያህል ቆርሷል። ማንም ድምፁን ከፍ አላደረገም። አንዱ ለካ፣ ሌላው ጻፈ፣ ሦስተኛው በመዶሻ ችካሉን መታ። ድንበር የገፋው ሰው ከዳኞቹ አንዱ መሆኑን ያወቅሁት ፊቱ ሲቀላ አይቼ ነው። እኩለ ቀን ሲሆን ሁላችንም ዶቭኮት ገብተን ምሳ በላን፤ እርሱም በመካከላችን ተቀምጦ ነበር። ከሳምንት በኋላ እዚያው መጠጥ ቤት ውስጥ «ኮርት ሊት» የተባለው ጥንታዊ ችሎት በጌታው እንደራሴ ሰብሳቢነት ተቀመጠ። ሰውየው ከኪሱ ጥቂት ገንዘብ አውጥቶ መቀጮውን ከፈለ፤ ለቀጣዩ ዓመት አዲስ ዳኞች ቃለ መሐላ ፈጸሙ።

ታዲያ ጌታው ማን ነው? ተውኔቴ የተሰናከለው እዚህ ላይ ነው። የላክስተን ገበሬዎች አብዛኛውን መሬት የሚያርሱት በኪራይ ነው። በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዓመት መሬቱ በተለይ የሁለት መኳንንት፣ የማንቨርስና የስካርብሮ ነበር። መንደሩ ሳይታጠር የቀረበት አንዱ ምክንያት፣ ታሪክ ጸሐፊዎች እንደሚሉት፣ ሁለቱ ጌቶች መስማማት ስላቃታቸው ነው፤ ኋላም የእርሻ ገቢ ወደቀና ለማጠሪያ ገንዘብ የሚያወጣ ጠፋ። በሃያኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ቁራሾቹ እየተቀላቀሉ ቁጥራቸው ቀነሰ፣ ስፋታቸው ጨመረ፤ ሥርዓቱ ግን አልፈረሰም። እ.ኤ.አ. በ1952 የእርሻ ሚኒስቴር መሬቱን ከማንቨርስ ገዛ፤ በ1981 ወደ ዘውድ ይዞታ ተዛወረ፤ በ2020 ደግሞ የማንቨርስ ወራሾች ለሆኑት ለቶርስቢ ርስት ባለቤቶች ተመልሶ ተሸጠ። አጥር የነቀለ ጀግና በዚህ ታሪክ ውስጥ ብፈልግ አላገኘሁም። በየዓመቱ በጭቃ ውስጥ የሚዞሩ፣ አንዳንዴም እርስ በርስ የሚቀጣጡ ገበሬዎች ብቻ ናቸው ያሉት። ሦስተኛውን ገቢር ቀደድኩት።

በዚያው ሳምንት አባቴ ከወረዳው ከተማ ስልክ ደወለልኝ። እርሱና አጎቴ ከ1989 ዓ.ም. የመሬት ሽግሽግ ወዲህ የአንድ ፈር ስፋት ባላት መሬት የተነሣ ተጣልተው አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ቡና አልተጠራሩም። ሽማግሌ ገብቶ አልሆነም፤ ፍርድ ቤት ገብተው፣ የረታውም የተረታውም ጥጆቻቸውን ሸጠዋል። እኔ ስለ ላክስተን አወራሁለት። ዝም ብሎ ሲያዳምጥ ቆየና፣

«ዳኞቹ ራሳቸው አራሾች ናቸው ነው የምትለኝ?» አለኝ።

«አዎ፣ አባዬ።»

«ድንበር ገፊውንስ ምሳ አበሉት?»

«አብረን በላን።»

ረዘም ላለ ጊዜ ድምፁ ጠፋ፤ መስመሩ የተቋረጠ መስሎኝ ነበር። ኋላ ስለ ብርዱ ጠይቆኝ፣ ወፍራም ልብስ እንድገዛ መክሮኝ ዘጋ።

አጎቴ በ2006 ዓ.ም. ሳይታረቁ ዐረፈ። አባቴ በቀብሩ ላይ ከልጆቹ ይልቅ አለቀሰ ብለው ነገሩኝ። ከዚያ ወዲህ ሁለት ጊዜ ወደ አገር ቤት ወርጄ ያቺን ቁራሽ አይቻታለሁ። ሣር በቅሎባታል። በእኛም በኩል በአጎቴ ልጆችም በኩል በሬ ሲዞር እርሷ ጋ ሲደርስ ይመለሳል፤ የሁለቱም ቤት ጥጆች ይግጡባታል።